ሜሪ ላየን ተማሪዎቿን ሰሃን ማሳጠቧ ልክ ነበር? (ከመክፈቻው እስከ 36ኛው ምላሽ)

ይህን የውይይት ክር የከፈትኩት ሐሙስ ማታ ነው። አሁን 36 ምላሽ ደርሷል። ዘግይተው የገቡ ሰዎች ከየት እንደሚጀምሩ ስለጠፋቸው ማን ምን እንዳለ በራሴ አነጋገር ልተርከው። የማንንም ጽሑፍ አልገለብጥም፤ ያጣመምኩት ካለ ባለቤቱ ያርመኝ።

የመክፈቻው ጽሑፍ እንዲህ ነበር። ድሬዳዋ ውስጥ ኬሚስትሪ አስተምራለሁ። ከዙሪያው ገጠር መጥተው፣ ቤት ተከራይተው ከሚማሩት ተማሪዎቼ ውስጥ ሦስት ሴቶች ዘንድሮ ከመንፈቀ ዓመቱ ፈተና በኋላ አልተመለሱም። ከሦስቱ አንዷ ሰሌዳው ላይ የኬሚካል እኩልታ ስታመጣጥን ክፍሉ በሙሉ ጠመኔዋን ይከተል ነበር። ያስቀራት ትዳር አይደለም፤ ውጤትም አይደለም። ኪራይ ጨመረ፣ ከቤት የሚላክላት ስንቅ አነሰ፤ በቃ።

በዚያው ሰሞን ስለ ሜሪ ላየን ሕይወት እያነበብኩ ነበርና ታሪኳን ጻፍኩ። እ.ኤ.አ. በ1797 ማሳቹሴትስ ውስጥ፣ ባክላንድ በምትባል የገበሬ መንደር ተወለደች። አምስት ዓመቷ ሳለ አባቷ ሞተ። በ13 ዓመቷ እናቷ ሌላ ባል አግብታ ስትሄድ፣ እሷ ከወንድሟ ጋር ቀርታ ቤቱን ያዘችለት፤ ወንድሟም በሳምንት አንድ ዶላር ይከፍላት ነበር። በ17 ዓመቷ መምህርት ሆነች። ደመወዟ በሳምንት 75 ሳንቲም፣ ማደሪያዋም ተራ በተራ በተማሪዎቿ ወላጆች ቤት ነበር። ገንዘብ ስታጠራቅም ትማራለች፣ ሲያልቅባት ተመልሳ ታስተምራለች። እንዲህ እያለች ኖራ፣ በ1837 ሳውዝ ሃድሊ ውስጥ ማውንት ሆልዮክ የተባለውን የሴቶች ትምህርት ቤት ከፈተች። የመጀመሪያዎቹ ተማሪዎች 80 ነበሩ። ክፍያው ለትምህርቱም፣ ለምግቡም፣ ለማደሪያውም በዓመት 60 ዶላር ነበር። ክፍያውን ዝቅ ያደረገችበት መንገድ ግልጽ ነው፤ ሠራተኛ አልቀጠረችም። ዳቦውን የሚያቦኩት፣ ሰሃኑን የሚያጥቡት፣ ልብሱን የሚተኩሱት ተማሪዎቹ ራሳቸው ነበሩ፤ እያንዳንዷ በቀን አንድ ሰዓት ያህል ትሠራለች። ጥያቄዬ፣ ልጃችሁን እንዲህ ያለ ትምህርት ቤት ትልካላችሁ ወይ? የሚል ነበር። ሜሪ ላየንንም «የመጀመሪያዋ የሴቶች ኮሌጅ ኃላፊ» ብዬ ጠርቻት ነበር፤ የዚህን ነገር ኋላ አመጣዋለሁ።

1ኛው ምላሽ ሰላምታና የዘመን ጥያቄ ነው፤ 1837 በእኛ ነው በእነሱ? በእነሱ ነው፤ በእኛ 1830 ዓ.ም. መሆኑ ነው። 2ኛው ምላሽ የመጣው ከአንድ ጡረታ የወጡ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነው። እሳቸው ሁልጊዜ ረጅም ነው የሚጽፉት፤ ሁላችንም ጋሼ እንላቸዋለን። በዚያ ዓመት ድሬዳዋ የምትባል ከተማ እንዳልነበረች፣ ባቡሩ እዚህ የደረሰው እ.ኤ.አ. በ1902 መሆኑን፣ ሐረር በራሷ አሚሮች ትተዳደር እንደነበር፣ ምኒልክም ገና እንዳልተወለዱ አስታወሱን። ይህን ማለታቸው ረድቶኛል። ብዙ ሰው አሜሪካ ሲባል የዛሬውን አሜሪካ ነው የሚያስበው። ሜሪ ላየን የኖረችበት አገር ግን ሴት ልጅ ከማንበብና ከመርፌ ሥራ አልፋ ምን ያደርግላታል የሚባልበት አገር ነበር።

3ኛው በአንድ መስመር እልካለሁ ብሎ አለፈ።

4ኛው የክሩን መልክ ቀየረው። የሳቢያን ነዋሪና የሁለት ሴቶች ልጆች እናት ናቸው። የጻፉት በቁጣ ነው፤ ቁጣቸውም ይገባኛል። ሴት ልጅ ጎህ ሳይቀድ ተነስታ ውኃ ትቀዳለች፣ እንጀራ ትጋግራለች፣ ታናናሾቿን አጥባ ታለብሳለች፤ ከዚያ በኋላ ነው ደብተሯን የምታነሳው። ከጓዳ የምታመልጥበት አንድ ቦታ ትምህርት ቤት ሆኖ ሳለ እዚያም ጓዳ ተከትሏት ይግባ ወይ? ብለው ጠየቁ። አስተማሪ ሆኜ እንዲህ ያለ ሐሳብ ማምጣቴ እንዳሳዘናቸውም አልደበቁም። ምላሻቸው ከእኔ መክፈቻ በእጥፍ የሚበልጥ ላይክ አገኘ። 5ኛውና 6ኛው እሳቸውን ደግፈው ነው የጻፉት።

7ኛው ከሐረር ነው፤ ታሪክ አንባቢ መሆኑ ያስታውቃል፣ አነጋገሩ ደረቅ ነው። ሦስት ነገር አረመኝ። አንደኛ፣ ኤማ ዊላርድ የምትባል ሴት ትሮይ ከተማ ውስጥ ለሴቶች ከፍተኛ ትምህርት ቤት የከፈተችው በ1821 ነው፤ ከሜሪ ላየን 16 ዓመት ትቀድማለች። ሁለተኛ፣ ለሴቶች ዲግሪ እንዲሰጥ ቻርተር (ሕጋዊ ፈቃድ) ቀድሞ ያገኘው በጆርጂያ ግዛት፣ ሜከን ከተማ የተቋቋመው ኮሌጅ ነው፤ ያም በ1836። ሦስተኛ፣ ማውንት ሆልዮክ ሲከፈት ስሙ ሴሚናሪ (በዚያ ዘመን ለሴቶች ከፍ ያለ ትምህርት ቤት የሚሰጥ ስም) እንጂ ኮሌጅ አልነበረም፤ የኮሌጅነት ቻርተር ያገኘው በ1888፣ እሷ ከሞተች ከ39 ዓመት በኋላ ነው። ሦስቱም ትክክል ናቸው። መክፈቻውን አስተካክያለሁ፤ «የመጀመሪያዋ» የሚለው ቃል ወጥቷል።

ታዲያ አዲስ ያመጣችው ምንድን ነው? 8ኛው ይህን ጠየቀና መልሱንም ራሱ ሰጠ፤ ከክሩ ሁሉ ለእኔ ትልቁን ነገር የተናገረው እሱ ነው። ከእሷ በፊት የሴቶች ትምህርት ቤት ማለት የአንዲት አስተማሪ ቤት ማለት ነበር። አስተማሪዋ ካገባች ይዘጋል፣ ከታመመች ይዘጋል፣ የቤቱ አከራይ ሐሳቡን ከቀየረ ይዘጋል። ሜሪ ላየን ይህን በዓይኗ አይታለች፤ ኢፕስዊች በምትባል ከተማ ከወዳጇ ከዚልፓ ግራንት ጋር ስታስተምር ትምህርት ቤቱን የራሱ ሕንፃና ቋሚ ገንዘብ ያለው ለማድረግ ሞክረው አልተሳካላቸውም። ስለዚህ ማውንት ሆልዮክን ስታስብ እንደ ወንዶቹ ኮሌጆች ባለአደራ ቦርድ፣ የራሱ መሬት፣ የራሱ ሕንፃ ይኑረው አለች። ትምህርት ቤቱ የእሷ እንዳይሆን ነው የደከመችው። በ1896 ዋናው ሕንፃ ሲቃጠል እሷ ከሞተች 47 ዓመት ሆኗት ነበር፤ ትምህርት ቤቱ ግን እንደገና ተሠርቶ ዛሬም አለ።

9ኛው ገንዘቡን ከየት አመጣችው አለ። አረንጓዴ የቬሉር ቦርሳ ይዛ በብርድ በሠረገላ ከከተማ ከተማ እየዞረች ለመነች። ሴት ልጅ ብቻዋን መንገድ ወጥታ ገንዘብ መጠየቋ ነውር ነው ብለው የመከሯት ወዳጆቿ ጭምር ነበሩ። የመጀመሪያዎቹን 1,000 ዶላር ያህል ያዋጡት የኢፕስዊች ሴቶች ናቸው፤ መምህራን፣ ተማሪዎችና የቤት እመቤቶች። ከዚያ በኋላ ከሰጡት ውስጥ ስድስት ሳንቲም የሰጠ ሰውም አለ፤ እሷም ያችን ስድስት ሳንቲም ተቀብላ መዘገበች።

10ኛዋ የሐረር ልጅ ነች። ይህን ስታነብ የእናቷ አፎቻ ትዝ እንዳላት ጻፈች። ለማያውቅ፣ አፎቻ የሐረሪ ሴቶች (ወንዶቹም የራሳቸው አላቸው) በሠርግም በለቅሶም የሚረዳዱበት ማኅበር ነው። እናቷ በሕይወቷ ፊርማዋን አኑራ አታውቅም፤ የማን መዋጮ እንደጎደለ ግን ከሠላሳ ሴት ለይታ በቃሏ ታውቃለች። የኢፕስዊች ሴቶችን እነሱ ይሆናሉ ብላ አሰበቻቸው። 11ኛው ዕቁብም ይበቃል ሲል እሷ ተመልሳ አይበቃም አለች፤ ዕቁብ ዞሮ ወደ አንተው ይመጣል፣ ለማታውቃት ልጅ የምትሰጠው ብር ግን አይመለስም፤ ስለዚህ ነገሩ የሚቀርበው ለአፎቻና ለዕድር ነው። ልዩነቱን እንደዚህ አጥርቶ ያስቀመጠልኝ ሰው አልነበረም።

12ኛው ላይ ድምፁ ተቀየረ። ሜሪ ላየን የሚስዮናውያን ማምረቻ ነው የከፈተችው፣ ለእኛ ምሳሌ አትሆንም የሚል ነበር። 13ኛው ሰው በስድብ መለሰለት። ስድቡን አስተባባሪው አጠፋው፤ ጥያቄው ግን በስድብ የሚታለፍ አይደለም፤ የማውቀውን ጻፍኩ። እውነት ነው፤ ሃይማኖት የትምህርት ቤቱ ምሰሶ ነበር። ተማሪዎቿን እምነታቸውን በይፋ የመሰከሩ፣ የመዳን ተስፋ ያላቸውና ተስፋ የሌላቸው ብላ በሦስት ትመድባቸው ነበር። ገጣሚዋ ኤሚሊ ዲከንሰን በ1847 ገብታ አንድ ዓመት ያህል ተምራ ነው የወጣችው፤ ከሦስተኛው ምድብ አልተነሳችም። ፊዴሊያ ፊስክ ደግሞ ከዚያ ወጥታ በ1843 ፋርስ አገር፣ ኡርሚያ ድረስ ሄዳ የሴቶች ትምህርት ቤት መርታለች። ልጅን በእምነቷ መመደብ ጥፋት ነው፤ እኔ አልከላከልላትም። 14ኛው በጨዋ ቋንቋ ነገሩን ወደ እኛ አመጣው። እዚህ የአዛኑ ድምፅና የቤተ ክርስቲያኑ ደወል በአንድ ሰፈር ይሰማል፤ ለሴቶች ልጆች ማደሪያ ቢከፈት ጁምዓም ረቡዕም የሚከበርበት፣ የጾም ምግብ ለጾመኛ፣ ሐላል ሥጋ ለሙስሊም የሚለይበት ጓዳ ያስፈልጋል አለ። 15ኛው ወሏሂ እውነት ብሎ ደገፈው።

ከ16ኛው እስከ 19ኛው ከጉዳዩ ወጣን። ተማሪዎቹ ከቁርስ በኋላ አንድ ማይል እንዲሄዱ ሕግ ነበር ብዬ ስለነበር በድሬ ሙቀት ይቻላል አይቻልም ተባለ፤ ከዚያ የከዚራ ዛፎች፣ ከዚያ የለገሀር ጥላ፣ ከዚያ የድሮው ባቡር ፊሽካ። ጋሼ ስለ ፊሽካው የጻፉት የራሱ ክር ይገባዋል።

20ኛው ምላሽ እንዲህ በችኮላ አይታለፍም። ጸሐፊዋ ዛሬ ነርስ ነች። በ14 ዓመቷ ከገጠር መጥታ ዘመድ ቤት ተቀመጠች። ስምምነቱ ትማራለች፣ ቤት ውስጥ ታግዛለች ነበር። እገዛው ከትምህርት ቤት ከተመለሰችበት ሰዓት ጀምሮ ቤተሰቡ እስኪተኛ ነው። ልጆቹ ጠረጴዛው ላይ የቤት ሥራቸውን ሲሠሩ እሷ የእነሱን ሰሃን ታጥባለች። ደብተሯን የምትገልጠው ሁሉ ከተኛ በኋላ፣ መብራት ታባክኛለሽ እንዳትባል በበራፍ በሚገባው የደጅ መብራት ነበር። ሁለት ዓመት እንዲህ አሳለፈች። ሦስተኛውን ዓመት ግን ከሌሎች አራት ልጆች ጋር ገንደ ቆሬ አንድ ክፍል ተከራዩ። እዚያም ይጋገራል፣ ይታጠባል፣ ውኃ በጀሪካን ይቀዳል። ተራቸውን በወረቀት ጽፈው ግድግዳው ላይ ለጠፉት፤ በአምስት ቀን አንዴ ይደርሳታል። በተራዋ ቀን ሰሃኑን ስታጥብ የተቀሩት አራቱ ጮክ ብለው ባዮሎጂ ያነቡላታል። ብሔራዊ ፈተናውን ያለፈችው በዚያ ዓመት ነው።

እሷ ያለችው ይህን ነው፤ ሰሃን ማጠብ ሰሃን ማጠብ ነው፤ ልዩነቱ የማንን ሰሃን ታጥቢያለሽ፣ ስታጥቢስ ሌላው ምን ያደርጋል የሚለው ላይ ነው። በማውንት ሆልዮክ የሀብታሙም የድሃውም ልጅ በተራ ካጠበች፣ ያ የዘመድ ቤት ጓዳ አይደለም።

ይህን ሳነብ ለራሴ ጥያቄ መልስ ያገኘሁ መሰለኝ። የሳቢያኗ እናት በ21ኛው ምላሽ ተመልሰው መጡ። ልጅቷን አይዞሽ ልጄ አሉና ሐሳባቸውን ግን አልተዉም። ለወንዶች ማደሪያ ቢከፈትስ ተራ ይጻፋል ወይስ ሠራተኛ ይቀጠርላቸዋል? ለዚህ የመለሱት ጋሼ ናቸው፤ 22ኛው። እሳቸው በወጣትነታቸው ከሩቅ አገር ለሥራ መጥተው ከሌሎች ሦስት ወንዶች ጋር አንድ ቤት ይኖሩ ነበር፤ ወጥ በተራ ይሠሩ ነበር፤ የእሳቸው ሽሮ ስም እንደነበረውም ጻፉ። ለወንድ ያልከበደ ሥርዓት ለሴት ሲሆን ለምን ስሙ ይቀየራል ብለው ጠየቁ። እናትየው ይህን ወደዱት።

23ኛው የሐረሩ አራሚ ነበር፤ በዚህ ጊዜ ደግሞ የመጣው ሜሪ ላየንን ደግፎ ነው። እሷ ራሷ የቤት ሥራው የትምህርቱ አካል አይደለም፣ ሴቶችን የቤት አያያዝ ማስተማር የእናቶቻቸው ድርሻ ነው ትል እንደነበር ጻፈ። ሥራው ክፍያ ማውረጃ ብቻ ነበር። ኤሚሊ ዲከንሰንም ለጓደኛዋ በጻፈችው ደብዳቤ ድርሻዋ ቢላዋ ማመላለስ፣ ማታ ደግሞ አጥቦ ማድረቅ እንደሆነ ትናገራለች። የሚማሩት ግን ላቲን፣ ሒሳብ፣ የተፈጥሮ ሳይንስ ነው። እዚህ ላይ የራሴን ጨመርኩ፤ ሙያዬ ነውና ዝም ማለት አልቻልኩም። ሜሪ ላየን ኬሚስትሪ ለመማር ብላ ከሳይንስ መምህሩ ከኤመስ ኢተን ዘንድ ሄዳ ቤቱ ተቀምጣ ተምራለች። በማውንት ሆልዮክም ኬሚስትሪውን ያስተማረችው ራሷ ነች፤ ተማሪዎቿም ሙከራውን በገዛ እጃቸው ይሠሩ ነበር። እኛ ዘንድ ዛሬም ሙከራን ከመጽሐፍ አንብበው ብቻ ክፍል የሚጨርሱ ልጆች አሉ፤ ይህ ያንገበግበኛል።

24ኛው ወደ እኔ ዞረ። ማሳቹሴትስ ድረስ ምን አስኬደሽ፣ ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ እያሉልን? ተግሣጹን ተቀብያለሁ። የከንቲባ ገብሩ ደስታ ልጅ፣ ስዊዘርላንድ የተማሩ፣ በጣሊያን ወረራ ጊዜ አርበኞችን ተቀላቅለው ኋላ ተይዘው አሲናራ ደሴት የታሰሩ፣ ከነፃነት በኋላ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤትን የመሩ፣ በ1957 እ.ኤ.አ. ለፓርላማ የተመረጡ የመጀመሪያዋ ሴት ናቸው። እሳቸውን ለብቻ እመለስባቸዋለሁ። ሜሪ ላየንን የመረጥኩት በአንድ ምክንያት ነው። የእቴጌ መነንን ትምህርት ቤት የከፈቱት እቴጌ ናቸው፤ እሷ ግን ከኋላዋ ቤተ መንግሥት አልነበረም፤ ስድስት ሳንቲም ነው የነበራት። የእኔዋም ተማሪ ጉዳይ ከዚያ ይቀርባል።

ከ25ኛው እስከ 30ኛው ሒሳብ ነው፤ የአንድ ክፍል ኪራይ፣ የከሰል፣ የዘይት፣ የጤፍና የማሽላ ልዩነት፣ ደቻቱ ዳር ያለ ቤት ለጎርፍ አያስተማምንም የሚል ማስጠንቀቂያ፣ አከራይ ለሴት ተማሪዎች ማከራየት ለምን እንደሚፈራ። 28ኛው ኃላፊ የምትሆን አንዲት ትልቅ ሴት ካልተቀመጠች ወላጅ አይሰጥም አለ፤ ልክ ነው።

31ኛው የጎዳኝ ነው። ጸሐፊዋ እንደ እኔው መምህርት ነች። ሜሪ ላየን ለራሷ በዓመት 200 ዶላር ብቻ ተቀበለች፣ መምህራኗንም በጥቂት ደመወዝ አሠራቻቸው፣ ራሷም በ1849፣ በ52 ዓመቷ ሥራ ላይ እያለች ሞተች አለችና፣ በዘመኗ ሌላዋ የሴቶች ትምህርት ተሟጋች ካትሪን ቢቸር ስለ መምህራኑ ደመወዝ ማነስ ተቃውማት እንደነበር አስታወሰች። የሴት ልጅ ትምህርት የሚረክሰው በሌላ ሴት ጉልበት ከሆነ፣ ሒሳቡ የት ቀረ? ያቺ 28ኛው ላይ የተባለችው ትልቅ ሴትስ ማን ይከፍላታል? ሦስት ጊዜ መልስ ጀምሬ ሦስት ጊዜ አጠፋሁት። ክፍያው ዝቅ ባይል ኖሮ የገበሬ ልጅ አትገባም ነበር፤ ይህን አምናለሁ። ግን መምህርቷ ያለችውም ትክክል ነው፤ የሚከፈላት ሰው ከመዋጮው የመጀመሪያዋ ተከፋይ መሆን አለባት ብዬ ጻፍኩ። እሷ እስካሁን አልመለሰችም።

32ኛው እስከ 35ኛው ምርቃትና መልካም ምኞት ነው፤ አንዱ ብቻ የሽሮውን አሠራር ጋሼን ጠይቋል።

36ኛው ዛሬ ጠዋት ገባ። የሳቢያኗ እናት ናቸው። ስለ ሜሪ ላየን አንድም ቃል የለበትም። እኩልታ የምታመጣጥነዋ ልጅ ስሟ ከመዝገብ ተሰርዟል ወይ፣ አሁን ብትመጣ ትቀበሏታላችሁ ወይ ብለው ጠየቁኝ። አልተሰረዘም አልኳቸው፤ ስም መጥሪያዬ ላይ 17ኛ ነች፣ በየቀኑ እጠራታለሁ። የቢሮውን መልስ ሰኞ ጠይቄ እዚሁ እጽፋለሁ።